አሥራ አራቱ ዘማሪዎቼ

ባለፈው ሳምንት ቀሚስ ላሳጥር ልብስ ሰፊ ዘንድ ሄጄ፣ ሰውዬው አዲስ የመጣለትን የክር ካርቶን በምላጭ ሲቀድ ሽታው መጣብኝ። አዲስ ክር፣ ደረቅ ወረቀት፣ ከሥራቸው ደግሞ ትንሽ የማሽን ዘይት። እግሬ ሥር ክሩ ያለቀ ባዶ ኮን ወድቆ ነበርና አንስቼ በሰፊው አፉ በኩል ወደ ውስጥ አየሁ።

"ምን ጠፋብሽ?" አለኝ ልብስ ሰፊው።

"ምንም" አልኩት። እውነቱን ብነግረው ቀሚሴን ትቶ ለጤናዬ መጨነቅ ይጀምር ነበር።

ኮን የሚሉት ክር የሚጠቀለልበት፣ ከወፍራም ወረቀት የተሠራ፣ ከላይ ጠበብ ከታች ሰፋ ያለ፣ አንድ ስንዝር የማይሞላ ነገር ነው። ክሩ ሲያልቅ ይጣላል። እኔ ግን በስምንት ዓመቴ ኮን ሰው ነው ብዬ አምን ነበር። ለዚያውም ዘማሪ።

በዚያ ዓመት ነው ከሆሳዕና መጥተን ሰበታ የገባነው። አባዬ ሱሉልታ ሕንፃ ሥራ ላይ ስለነበር በሁለት ሳምንት አንዴ ሲሚንቶ የበላው ጫማውን እየጎተተ ብቅ ይላል። እማዬ ክር ፋብሪካ ተቀጠረች። የተከራየነው አንድ ክፍል ቤት ኦቦ ቶሎሳ ግቢ ውስጥ ነበር። ኦቦ ቶሎሳ የአገሬው ሰው ናቸው፤ ከተማው መሬታቸውን ከሦስት ወገን ከቦት እሳቸው በአራተኛው ወገን አሁንም ገብስ ይዘራሉ። ከእኛ ጋር በአማርኛ፣ ከበጎቻቸው ጋር በኦሮምኛ ነው የሚነጋገሩት። ከዚህ ተነስቼ በግ አማርኛ አይገባውም ብዬ ለረጅም ጊዜ አምኜ ኖሬአለሁ።

ክረምት ነው፤ ትምህርት ቤት ተዘግቷል። እማዬ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ፋብሪካ ገብታ ስምንት ሰዓት ላይ ትወጣለች። ስትመለስ ቅንድቧና ሽፋሽፍቷ በጥጥ ብናኝ ነጭ ሆኖ አሮጊት ትመስላለች። ፊቷን ስትታጠብ መልሳ ወጣት ትሆናለች። ፋብሪካው ሰው የሚያስረጅ ቦታ እንደሆነና የእኛ በርሜል ውሃ ደግሞ ማርከሻው እንደሆነ ስለገባኝ፣ ውሃው ሲጎድል እንደ ትልቅ ሰው እጨነቅ ነበር።

የመጀመሪያዋን ኮን ያመጣችልኝ በሐምሌ ነው። ከምሳ ዕቃ ቦርሳዋ አውጥታ እጄ ላይ አስቀመጠችና "ለማንም እንዳታሳዪ" አለችኝ። አንድ ጎኗ ተጨፍልቋል፤ ስትቆም ወደ ግራ ዘንበል ትላለች። ጎባጢት አልኳት። ያን ቀን ከእጄ አልለየኋትም፤ ስተኛም ብብቴ ሥር ነበረች።

ከዚያ በኋላ እማዬ በሳምንት ሁለቴም ሦስቴም ታመጣልኝ ጀመር። ሁሉም የሆነ ጉድለት አለባቸው፤ አንዷ አፏ የተቀደደ፣ ሌላዋ ወገቧ የተሰበረ። ጫፋቸው ላይ ቀለም የተቀቡ ነበሩ፤ ቀይ፣ አረንጓዴ፣ ቢጫ። ቀለሙ የክሩን ዓይነት መለያ ነው። እኔ ግን ሻሽ ነው አልኩ። በየሻሻቸው ለይቼ አሰለፍኳቸው፣ ከቁራጭ ጨርቅ የመዘምራን ልብስ አለበስኳቸው፣ ቀይ ጫፍ ያላትን ቀዮን መሪ አደረግኳት። ነሐሴ ሲጋመስ አሥራ አራት ደርሰው ነበር።

በእያንዳንዳቸው ሆድ ውስጥ በሰማያዊ እስክሪብቶ የተጻፈ ነገር አለ። ፊደል አለመሆኑን አውቃለሁ፤ አንደኛ ክፍልን ያለፍኩ ሰው ነኝ። ከታች ይነሳል፣ ሁለት ጊዜ ይጠማዘዛል፣ ከዚያ ረጅም ጭራ ይጎትታል። የሁሉም አንድ ዓይነት ነው። አስቤ አስቤ ድምፃቸው ነው ብዬ ወሰንኩ። የሚዘምሩት በሱ ነው።

በቤተ ክርስቲያናችን የልጆች ፕሮግራም ላይ እኔ አፌን ከፍቼ አላውቅም። ልጆቹ ሲዘምሩ ከንፈሬን ብቻ አንቀሳቅሳለሁ። ቤት ስገባ ግን በሩን ዘግቼ ለአሥራ አራት ሰው መዝሙር አስጠና ነበር። እየዋለ እያደረ ግን ነገሩ መልኩን ለወጠ። ሳልቆጥራቸው ከቤት መውጣት አቃተኝ። ሽንት ቤት ስሄድ ጎባጢትን ይዤ ነው። ምሳ ስበላ ለየብቻቸው ጉርሻ ካላሳየሁ እህሉ አይወርድልኝም። እማዬ "ውጪ ወጥተሽ ከልጆች ጋር ተጫወቺ" ስትለኝ፣ እኔ የሌለሁ ጊዜ ማን ይጠብቃቸዋል ብዬ እበሳጭባታለሁ።

አንድ ቀን የኦቦ ቶሎሳ የልጅ ልጅ፣ የአሥር ዓመቷ ጫልቱ፣ ሳታንኳኳ ገባች። ጫልቱ እጇ አያርፍም። ቀዮን ብድግ አደረገችና ጠባቡን ጫፍ አፏ ውስጥ ከትታ እንደ ጥሩምባ ነፋቻት። በቀዮ ሆድ ውስጥ ያለፈው ያ አስቀያሚ ድምፅ እስካሁን ይሰማኛል። እጇን ነከስኳት።

አላለቀሰችም። ቀዮን መሬት ላይ ወረወረቻትና እጇን በቀሚሷ እየጠረገች በሩ ላይ ቆመች።

"ቆይ አንቺ። ይሄ የፋብሪካ ዕቃ ነው አይደል? እናትሽ ሰርቃ ነው።"

"አልሰረቀችም።"

"የኛ አክስት እዚያ ነበረች። አንድ ክር ይዘሽ ስትወጪ ቢይዙሽ በዚያው ቀን ነው የሚያባርሩሽ። እትዬ ወርቄ የምትባል ፈታሽ አለች፣ መርፌ ብትደብቂ ታገኘዋለች። ጠብቂ፣ ቤታችሁ ድረስ ይመጣሉ።"

እትዬ ወርቄን በስም አውቃታለሁ። እማዬም ከጓደኞቿ ጋር ስታወራ "ከወርቄ እጅ የሚያመልጥ የለም" ሲባል ሰምቻለሁ። ጫልቱ ከሄደች በኋላ ቁጭ ብዬ ሳስብ ሁሉም ነገር እየተያያዘ መጣ። እማዬ "ለማንም እንዳታሳዪ" ብላኛለች። ኮን ያመጣች ቀን ሁልጊዜ ትዘገያለች። ሌላ ቀን ሰርቪስ ይዛ በጊዜ ትደርሳለች፤ ኮን ያመጣች ቀን ግን ጫማዋ እስከ ቁርጭምጭሚቷ ጭቃ ሆኖ፣ እያለከለከች ነው የምትገባው። እንግዲህ ከዘበኞች ሸሽታ፣ በማሳ አቋርጣ ነው የምትመጣው ማለት ነው። ለእኔ ስትል።

እማዬን ልጠይቃት አልቻልኩም። ብጠይቃት ወይ ሰርቄአለሁ ትላለች፣ ወይ ትዋሻለች፤ እማዬን ከሁለቱ በአንዱ ማየት አልፈለግኩም።

ዘማሪዎቹን በማዳበሪያ ከረጢት ጠቅጥቄ አልጋ ሥር ከተትኳቸው። መዝሙር ቆመ። በር በተንኳኳ ቁጥር እትዬ ወርቄ መጣች ብዬ አልጋው ላይ ወጥቼ እግሬን አንጠልጥዬ እቀመጣለሁ፤ በእግሬ ልከልላቸው መሆኑ ነው። አንድ ጊዜ ላቃጥላቸው ብዬ ጎባጢትን ከሰሉ አጠገብ አደረስኳት። የወረቀቱ ሽታ ገና ሞቅ ሲል ነጥቄ ደረቴ ላይ ለጠፍኳት። እማዬ ከሥራ እንዳትባረር እፈልጋለሁ፤ እነሱንም መስጠት አልችልም። እንዲህ ሆኜ አንድ ሳምንት ሙሉ እህል አልበላ አለኝ።

መውጫውን ያሳየችኝ በግ ናት። አንድ ጠዋት ከሌላ ቤት የመጣች ጥቁር በግ በኦቦ ቶሎሳ በጎች መሐል ተቀላቅላ ተገኘች። እሳቸው የማን እንደሆነች አውቀው አንገቷን በገመድ አሰሩና በራችን ላይ ተክዤ ስቀመጥ አዩኝ።

"ኮቱ፣ ኢንተላ ኮ። ነይ ልጄ፣ ከኋላ ሆነሽ ንጂልኝ።"

ወንዙን ተሻግረን፣ ባሕር ዛፉን አልፈን አንድ ቤት ደረስን። አንዲት ሴት ወጣች። "አከም ኦልተኒ?" ተባባሉ፤ ሰላምታው ረዘም ያለ ነበር። ከዚያ ሴትየዋ በጓን አይታ "ገላቶማ፣ ገላቶማ" እያለች አመሰገነች፤ ለእኔም ጭምር እርጎ በኩባያ ሰጠችን። በጓ እንዴት እንደሄደች፣ ማን ጋር እንዳደረች አንድ ቃል አልጠየቀችም።

ስንመለስ "ኦቦ ቶሎሳ፣ ለምንድን ነው ማን ወሰዳት ብለው ያልጠየቁዎት?" አልኳቸው።

"ምን ብለው ይጠይቁኛል? በጓ ቤቷ ገባች። ከገባች ምን ክርክር አለ?"

እንደዚህ ቀላል መሆኑን አላውቅም ነበር። ዕቃው ከተመለሰ ማንም አይጠይቅም። እማዬ ትድናለች። እርጎው አፌ ላይ ሳይደርቅ ወሰንኩ።

በማግስቱ፣ ሐሙስ፣ እማዬ ሥራ ላይ እያለች፣ ስድስት ሰዓት ግድም፣ ከረጢቱን ከአልጋ ሥር ጎተትኩ። አሥራ አራቱንም አንድ በአንድ አውጥቼ ልብሳቸውን አስተካከልኩላቸው። ጎባጢትን መጨረሻ ላይ ከላይ አስቀመጥኳት። ከዚያ ከረጢቱን ተሸክሜ ወጣሁ። አስፋልቱ ዳር ባጃጆች ጭቃ እየረጩብኝ፣ ካፊያው ፀጉሬ ውስጥ እየገባ፣ እያለቀስኩ ሄድኩ። ሰው ሲያየኝ ዝናብ ነው እንዲል ፊቴን ወደ ላይ አንጋጥጥ ነበር።

የፋብሪካው በር ስደርስ ጥበቃው "ምን ፈልገሽ ነው?" አለኝ።

"እትዬ ወርቄን።"

ስታያት ሰው የሚያስፈራ ነገር የላትም፤ ወፍራም፣ አጭር፣ መነጽሯን በክር አንገቷ ላይ ያንጠለጠለች ሴት ናት። እጆቿን ግን አየኋቸው። ሰፋፊና ነጫጭ ናቸው፤ ሲንቀሳቀሱ ድምፅ የላቸውም። ከፍተሻ ክፍሏ በር ላይ ቆማ ከረጢቴን ተመለከተች።

"ምንድን ነው?"

"የፋብሪካው ዕቃ ነው። ልመልስ ነው የመጣሁት።"

ከረጢቱን ከፍታ አንዱን አየች። "ማን ሰጠሽ?"

"ማንም። እኔ ነኝ የወሰድኩት።"

"በየት ገብተሽ?"

አጥሩን ቀና ብዬ አየሁት። ከእኔ ሦስት እጥፍ ይረዝማል፤ ከላዩ ላይ እሾሃማ ሽቦ አለ። "በአጥር ዘልዬ" አልኩ።

"ስንት ጊዜ ዘለልሽ?"

"አሥራ አራት ጊዜ።"

ጥበቃው ፊቱን አዙሮ ትከሻው ተንቀጠቀጠ። እትዬ ወርቄ አልሳቀችም። መነጽሯን አድርጋ የጎባጢትን ሆድ ውስጡን አየች፣ ከዚያ የቀዮን፣ ከዚያ የሌላዋን።

"እናትሽ ማን ትባላለች?"

"እናት የለኝም።"

ልክ በዚህ ጊዜ ስምንት ሰዓት ሆነ። የፋብሪካው ውስጠኛ በር ተከፈተና ቅንድባቸው የነጣ ሴቶች እየተግተለተሉ መጡ፤ የመቶ አሮጊት ሰልፍ ነበር የመሰለኝ። ከመሐላቸው አንዷ ቆመች።

"ሊዲያ?" አለች። "እዚህ ምን ትሠሪያለሽ?"

እማዬ ሰልፉን ጥሳ መጣች። እትዬ ወርቄ እጇን ዘርግታ አስቆመቻት።

"አበበች፣ ይቺ ልጅ እናት የለኝም ብላለች። ዘልዬ ገብቼ ሰረቅኩ ነው የምትለው።"

እማዬ ከረጢቱን አየች፣ እኔን አየች፣ ወዲያው ሁሉም ነገር ገባት። ሌሎቹ ሴቶች ከበቡን።

እትዬ ወርቄ ጎንበስ ብላ ጎባጢትን አፍንጫዬ ሥር አመጣቻት። "ይሄ ውስጧ ያለው ምንድን ነው?"

"ድምፅዋ ነው።"

"የምን ድምፅ?"

"የምትዘምርበት።"

ከሴቶቹ አንዷ ልትስቅ ጀምራ ተወችው። እትዬ ወርቄ ከኪሷ ሰማያዊ እስክሪብቶ አወጣችና መዳፏ ላይ ጻፈች። ከታች ተነሳ፣ ሁለት ጊዜ ተጠማዘዘ፣ ረጅም ጭራ ጎተተ። የዘማሪዎቼ ድምፅ እትዬ ወርቄ እጅ ላይ።

"ይሄ የኔ ፊርማ ነው" አለች። "በዚህ በር የሚጣል ዕቃ እንኳ ሳይፈረምበት አይወጣም። እናትሽ የተበላሸ ኮን ባገኘች ቁጥር አለቃዋን አስፈቅዳ፣ ወረፋ ይዛ፣ እዚህ ጋ እያሳየችኝ ፈርሜላታለሁ። ሰርቪሱ አይጠብቃትም፤ ጥሏት ይሄዳል። ለአንድ የተጨፈለቀ ኮን ብላ በዚያ ጭቃ በእግሯ ስትሄድ እኔ ከዚህ ሆኜ አያታለሁ።" ከዚያ ቀና ብላ ሁሉም እንዲሰማ አድርጋ "እኔ ስንት ዓመት ሰው ስፈትሽ፣ እንደ አበበች እጇ ንጹሕ የሆነ ሰው አላየሁም" አለች።

በሕይወቴ እንደዚያ ቀን ኮርቼ አላውቅም። ከአንድ ሳምንት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ራበኝ።

ያን ቀንም ሰርቪሱ ጥሎን ሄደ። እማዬ ቅንድቧን ሳትጠርግ እጄን ይዛ በአስፋልቱ ዳር ሄድን።

"እናት የለኝም አልሽ?" አለችኝ መንገድ ላይ።

"እንዳያባርሩሽ ነው።"

"እኔን ለማዳንም ቢሆን ሁለተኛ እንዳትዪው።" እጄን ጨበጥ አደረገችው። "ለማንም አታሳዪ ያልኩሽ ለጫልቱም አምጪ እንዳልባል ነው። የተበላሸ ኮን በየቀኑ ከየት ይመጣል?"

ከረጢቱን ከፍቼ ዘማሪዎቹን አወጣሁ። የቻልኩትን በክንዴ አቀፍኩ፣ የቀሩትን እማዬ ያዘች። ሰው እያየን፣ ባጃጆች እያለፉን፣ በሰበታ መሐል መንገድ ሳልደብቃቸው ሄድኩ። ከዚያ መዘመር ጀመርኩ። በከንፈሬ አይደለም፣ በድምፄ። እማዬ ደንግጣ አየችኝና ሁለተኛውን አዝማች ተቀበለችኝ።

ጫልቱ በር ላይ ነበረች። ቀጥ ብዬ ሄጄ ቀዮን ዓይኗ ሥር አመጣኋት። "እይ። ፊርማ ነው። የእትዬ ወርቄ።"

ጫልቱ አንድ ዓይኗን ጨፍና ወደ ውስጥ አየች፣ ወደ አያቷም ዞረች። ኦቦ ቶሎሳም ተቀብለው አዩ፣ እንደ ትልቅ ሰነድም አገላበጡት።

"ዱጋ" አሉ፤ እውነት ነው ማለታቸው ነው። "የተፈረመ ነው።"

"እኔ ድሮም አውቄ ነበር" አለች ጫልቱ። አፍ አላት። የነከስኩት እጇ ላይ ግን የጥርሴ ምልክት ገና ቢጫ ሆኖ ይታይ ነበር። አየሁትና ቀዮን ሰጠኋት። "አንዴ ብቻ ንፊ" አልኳት። ሦስት ጊዜ ነፋች፤ ዝም አልኳት።

ትምህርት ቤት ሊከፈት ሲል አንድ ቀን እማዬን ልቀበላት ፋብሪካው በር ሄድኩ። ለእትዬ ወርቄ ስጦታ ይዤ ነበር። መጀመሪያ ያሰብኩት ትንሿን፣ ቢጫ ጫፍ ያላትን ኮን ነበር። ሌሊቱን ሳስበው ግን፣ ያቺ ሴት መርፌ የምታገኝ ሆና ጎባጢትን ቤት መደበቄን እንዴት አታውቅብኝም አልኩ። ጠዋት ጎባጢትን አንስቼ አዲስ ልብስ አለበስኳት። ስስማት ያ የክርና የዘይት ሽታ አሁንም ነበራት።

እትዬ ወርቄ ሁለት እጇን ዘርግታ ተቀበለችኝ። የፍተሻ ክፍሏ መስኮት ጥግ ላይ፣ ግድግዳው ደግፎ ቀጥ እንዲያደርጋት አድርጋ አቆመቻት። ከዚያ የሆነ ነገር ትዝ እንዳላት ሁሉ መልሳ አነሳቻት።

"ቆይ። የሚወጣ ብቻ መሰለሽ እንዴ? ወደዚህ ግቢ የሚገባም ይፈረምበታል። ባለቤቷ ነሽ፣ ፈርሚ።"

ሰማያዊውን እስክሪብቶ ሰጠችኝ። ፈርሜ አላውቅም ነበር። ከኋላዬ ከሥራ የወጡት ሰልፈኞች ተሰብስበዋል፣ እማዬም ከነነጭ ቅንድቧ ከፊት ቆማለች። ጎባጢትን ጭኔ ላይ አስቀምጬ፣ እጄን እስከ አንጓዬ ሆዷ ውስጥ አስገብቼ፣ ከእትዬ ወርቄ ፊርማ ሥር ሦስቱን የስሜን ፊደላት ጻፍኩ። መጨረሻው ላይ ረጅም ጭራ ጎተትኩለት።

እትዬ ወርቄ መነጽሯን አድርጋ መረመረችው።

"ደህና ነው" አለች። ከዚያ ጎባጢትን ወደ መስኮቱ መለሰቻትና "ግቢ" አለቻት።